የልብስ በረኛው

ጌዴኦ ዞን፣ ገደብ የሄድኩት ለቡና ነበር። ኅዳር ላይ ቀዩ ፍሬ ተለቅሞ ማድረቂያ አልጋ ላይ ሲሰጣ፣ ለጽሑፍ የሚሆን ወሬ አይጠፋም። ሥራዬን ጨርሼ ወደ ዲላ የሚመለስ መኪና ስጠብቅ ከከተማው ዳር ልጆች ኳስ ሲጫወቱ አየሁና ጠጋ አልኩ። ሜዳው ግማሹ ተዳፋት ነው። ጎሉ ሁለት ሁለት ድንጋይ። ቁልቁል የሚያጠቃው ቡድን ማግባቱ ስለማይቀር፣ ከእረፍት በኋላ ሜዳ ባይቀያየሩ ጠብ ይነሣል።

ከዳር አንድ ወጣት በምርኩዝ ተደግፎ ቆሟል። ባዶ ክንዱ ላይ ሰባት ስምንት ሹራብና ጃኬት ተደራርቧል፤ የሱሪው ኪሶች በሰው ስልክ አብጠዋል። ምርኩዙ ከባሕር ዛፍ የተጠረበ ነው። ጫፉ ላይ ከመኪና ጎማ የተቆረጠ ቁራጭ በሚስማር ተመትቶበታል።

«አንተ የየትኛው ነህ?» አልኩት።

«የሁለቱም ነኝ ጋሼ። የልብስ በረኛ ነኝ።»

ሳቀ፤ እኔም ሳቅኩ። መኪናው መጣና ተሳፈርኩ። ይርጋ ጨፌ ሳልደርስ ግን ሳቄ ራሴን ይከነክነኝ ጀመር። ቡናውን ትቼ በሳምንቱ ተመለስኩ።

በሁለተኛው ቀን ብዙ አወራን። እግሩ ምን እንደሆነ አልጠየቅኩትም፤ ይህን ሳይታዘበኝ አልቀረም። «ሰው ሁሉ ሲያገኘኝ ‹ምን ሆነህ ነው?› ይለኛል» አለኝ። «‹ምን ትጫወታለህ?› ያለኝ የለም።» ስለ ትምህርት ቤቱ ስጠይቀው ከኪሱ ስልክ አውጥቶ ሰዓት አየ፤ ስልኩ የእሱ አይደለም። «በስፖርት ክፍለ ጊዜ የክፍሉ ቁልፍ እኔ ጋ ነበር። ሁሉም ሲወጣ ቆልፌ ደጃፉ ላይ እቀመጣለሁ። ማርክ ግን ይሰጡኛል። ስድሳ። በየሴሚስተሩ ስድሳ። አንድ ጊዜ ‹መምህር፣ ስድሳው የምንድን ነው?› ብላቸው ‹የመገኘት› አሉኝ። የት ነው የተገኘሁት? ደጃፍ ላይ!»

መምህሩ ክፉ ሰው አልነበሩም፤ እሱም እንዲህ አላለም። ልጁ እንዳይወድቅ፣ እንዳይሳቅበት ሰግተው ነው። አገራችን ውስጥ አካል ጉዳተኛን ከሜዳ ያስወጣው ጭካኔ ነው የሚል ካለ አልተሳሳተም፤ እኔ በየትምህርት ቤቱ አብልጬ ያየሁት ግን ርኅራኄ ነው። «ተቀመጥ የኔ ልጅ» የሚለው ርኅራኄ።

ሜዳ የገቡ አካል ጉዳተኞችም ግን አሉ፤ መቼም ፓራሊምፒክ ምን እንደሆነ ለአንባቢ አላስረዳም። ስፈትሽ ያገኘኋቸውን ቀኖች ግን ለራሴ ደስታ ስል ልደርድራቸው። አበበ ቢቂላ ሮም ላይ በባዶ እግሩ ያሸነፈው ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም. ነው። ኦሎምፒኩ በማግሥቱ፣ በእንቁጣጣሽ ተዘጋ። ልክ በሳምንቱ፣ መስከረም 8 ቀን 1953 ዓ.ም.፣ እዚያው ሮም ዛሬ የመጀመሪያው ፓራሊምፒክ የምንለው ውድድር ተከፈተ። ከ23 አገሮች የመጡ 400 ያህል ስፖርተኞች፣ ሁሉም በተሽከርካሪ ወንበር። የነገሩ ጠንሳሽ ከናዚ ሸሽቶ እንግሊዝ የገባው ሐኪም ሉድቪግ ጉትማን ነበር። እ.ኤ.አ. በ1948 የለንደን ኦሎምፒክ በተከፈተበት ዕለት፣ ስቶክ ማንዴቪል በተባለው ሆስፒታል ግቢ 16 ታካሚዎችን ቀስት አስወርውሮ ጀመረው።

አበበ ያን ጊዜ ይህን ሰምቶ ይሆን? መጋቢት 13 ቀን 1961 ዓ.ም. ማታ ቮልስዋገኑ ተገለበጠች፤ አከርካሪው ተጎዳ። ለሕክምና የተላከው ወደዚያው ወደ ስቶክ ማንዴቪል ነው። ዓለምን ሁለት ጊዜ በማራቶን ያሸነፈው ሰው በተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ ቀስት ወረወረ፣ የጠረጴዛ ቴኒስ ተጫወተ። እ.ኤ.አ. በ1971 ደግሞ ኖርዌይ ሄዶ በረዶ ላይ በመንሸራተቻ 25 ኪሎ ሜትር ተወዳድሮ አንደኛ ወጣ። ጥቅምት 15 ቀን 1966 ዓ.ም. ሲያርፍ ገና 41 ዓመቱ ነበር። በየአዳራሹ የተሰቀለው ፎቶግራፉ ግን የባዶ እግሩ ነው። በወንበር ላይ ሆኖ ቀስት የገተረበትን ስንቱ አይቶታል?

ኢትዮጵያ በፓራሊምፒክ ብቅ ያለችው እ.ኤ.አ. በ1968 ቴል አቪቭ ላይ፣ በሁለት ስፖርተኞች ነው። እ.ኤ.አ. ከ1980ው የአርነም ውድድር በኋላ፣ እ.ኤ.አ. እስከ 2004ቱ አቴንስ ድረስ አልታየችም። ሜዳሊያ የመጣው ከዚያ ወዲህ ነው። ለንደን ላይ በ2004 ዓ.ም. ወንድዬ ፍቅሬ ብር አመጣ፤ የመጀመሪያው። ሪዮ ላይ ታምሩ ደምሴ ብር። ሩጫው የዋለው መስከረም 1 ቀን 2009 ዓ.ም. ነበር፤ የሮም ኦሎምፒክ የተዘጋበት ዕለት መሆኑ ነው። ታምሩ የገባበት 3 ደቂቃ ከ48.49 ሰከንድ የዚያው ዓመት የኦሎምፒክ 1,500 ሜትር ወርቅ ከተወሰደበት 3:50.00 ይፈጥናል። የኦሎምፒኩ ፍጻሜ እየተጠባበቁ የተሮጠ ቀርፋፋ ሩጫ ስለነበር ማወዳደሩ ሙሉ ፍትሕ አይደለም፤ ቢሆንም ልቤን ደስ ይለዋል። እጆቹን ለተቃውሞ አጣምሮ ከፍ ያደረገውም ያኔ ነው፤ ያ ራሱን የቻለ ጽሑፍ ነው። ቶኪዮ ላይ ትዕግስት ገዛኸኝ የአገሪቱን የመጀመሪያ የፓራሊምፒክ ወርቅ አገኘች፤ ፓሪስ ላይ ደገመችው። እዚያው ፓሪስ ያየሽ ጌቴ በ4:27.68 የዓለም ክብረ ወሰን ሰብራ ወርቅ፣ ይታያል ስለሺ ብር አመጡ። ማየት የተሳናቸው ሁለቱ ሯጮች፣ አንዷ ያየሽ፣ ሌላው ይታያል። ስም አውጪ የሚያውቀው ነገር ሳይኖር አይቀርም።

ድምሩ ስድስት ነው። ስድስቱም በ1,500 ሜትር የተገኙ ናቸው። ይህን ቆጥሬ ስጨርስ ወደ ገደብ ሜዳ ዳር ተመለስኩ። ወንድዬ በክንድ ጉዳት መደብ ነው የሮጠው። ታምሩና ትዕግስት በዝቅተኛ እይታ፣ ያየሽና ይታያል ጭራሹን ማየት በማይችሉት መደብ። ስድስቱም ሜዳሊያ የመጣው በሁለት ጤናማ እግር ነው። ሩጫ ወንበር አይጠይቅም፣ ሰው ሠራሽ እግር አይጠይቅም፣ የተነጠፈ ወለል አይጠይቅም፤ አገሩ ለሌላው ሯጭ ያዘጋጀው አቧራ መንገድ ይበቃዋል። የመሮጫ ተሽከርካሪ ወንበር ግን ለአንድ ሰው አካል ተለክቶ የሚሠራ ዕቃ ነው፤ የሚመጣውም በውጭ ምንዛሪ ነው። በዓለም አቀፉ የቀይ መስቀል ኮሚቴ ድጋፍ በጥቂት ከተሞች የዊልቸር ቅርጫት ኳስ መኖሩን አልዘነጋሁም። ዋናው ነገር ግን ይኸው ነው፤ በስቶክ ማንዴቪል ወንበር ላይ የተቀመጠው አበበ ወራሽ አላገኘም።

የልብስ በረኛው ይህን ስነግረው ጥቂት አሰበ። «እንግዲህ ዓይኔ መጥፋት ነበረበታ!» አለ። ቀልዱ ከረር ያለ ነው። ቀጠለ፦ «ጋሼ፣ እኔ እኮ እሮጣለሁ። ልጅ ሆኜ ትምህርት ቤት ቁልቁል ስወርድ ማንም አይቀድመኝም ነበር። በምርኩዝ ሦስት እግር ነው ያለኝ። ችግሩ ክረምት ነው፤ ምርኩዙ ጭቃው ውስጥ ይሰምጥና እሱን ስነቅል ሁሉም ያልፈኛል።»

የጌዴኦን መሬት ያየ ይህ ይገባዋል። በእንሰትና በዋንዛ ጥላ ሥር ቡና የሚያበቅለው ቁልቁለት፣ በ2016 ዓ.ም. መስከረም በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገበው መልክአ ምድር፣ ለዓይን ያማረውን ያህል ለምርኩዝና ለተሽከርካሪ ወንበር አይመችም። በአንዳንድ ወረዳ በካሬ ኪሎ ሜትር ከአንድ ሺሕ በላይ ሰው የሚኖርበት አገር ስለሆነ፣ ለጥ ያለ መሬት ከተገኘ ጎጆና እንሰት ይቀድሙታል። ሜዳ ብርቅ ነው። በ2010 ዓ.ም. ከጌዴኦና ከምዕራብ ጉጂ ወደ አንድ ሚሊዮን የሚጠጋ ሕዝብ ሲፈናቀል፣ ትምህርት ቤቱም ቢሮውም መጠለያ ሆኖ ነበርና ያን ጊዜ ስለ ስፖርት ማንሣትም ነውር ነበር። ኳስ ግን ይህ ሁሉ አላጠፋውም። የጌዴኦ ዲላ ሴቶች በፕሪሚየር ሊጉ ተጫውተዋል፤ ሴት ልጅ ኳስ ትጫወታለች ወይ የሚለው ክርክር ሲነሣ ዞኑ መልሱን በተግባር ሰጥቷል። ለሴቶቹ የተገኘ ልብ ለአካል ጉዳተኛው የሚጠፋበት ምክንያት አይታየኝም።

ጥያቄዬን ይዤ አንድ ኃላፊ ዘንድ ሄድኩ፤ ስማቸውንም ቢሯቸውንም እተዋለሁ። ቢሮው ፎቅ ላይ ነው። አሥራ አንድ ደረጃ፣ ስወጣ ቆጥሬዋለሁ። ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኛ እንዲመቹ ያዘዘው አዋጅ ቁጥር 624 የወጣው ግን በ2001 ዓ.ም. ነው። ኃላፊው በትሕትና ተቀበሉኝ፣ ቡና አስመጡልኝ። «የአካል ጉዳተኞች ስፖርት በዕቅዳችን ተካቷል» አሉ። ስንት ልጆች እንደሚሳተፉ ጠየቅኩ። «መረጃውን እያጠናከርን ነው።» ስንት ብር ተይዟል? ስልካቸው ጠራ፣ ወጡ፣ ሳይመለሱ ቀሩ። ከዚያ በኋላ ሦስት ጊዜ ደወልኩ። አንድ ጊዜ «ስብሰባ ላይ ነኝ» የሚል መልእክት ደረሰኝ። ቡናው ጥሩ ነበር።

መረጃ የሚለው ቃል ግን ዝም ብሎ የተነሣ ሰበብ ብቻ አይደለም። የ1999 ዓ.ም. ሕዝብ ቆጠራ አካል ጉዳተኛውን ከመቶ አንድ ገደማ ነው ያደረገው። የዓለም ጤና ድርጅትና የዓለም ባንክ እ.ኤ.አ. በ2011 ባወጡት ሪፖርት የኢትዮጵያ ቁጥር ከመቶ 17.6 ነው። «ቤታችሁ አካል ጉዳተኛ አለ?» ተብሎ ሲጠየቅ የሚሰጠው መልስና «ለማየት፣ ለመራመድ፣ ለመስማት ይቸግርሃል?» ሲባል የሚሰጠው መልስ እንዲህ ይራራቃል። እናት ልጇን ለቆጣሪ ካልተናገረች፣ የወረዳ ስፖርት ጽሕፈት ቤት ማሊያ ሲያሰፋ ያ ልጅ የለም። አገሪቱ በ2002 ዓ.ም. ባጸደቀችው የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነት አንቀጽ 30 ደግሞ ስፖርትን በስሙ ይጠራዋል፤ በትምህርት ቤት የሚሰጠውንም ጭምር። ስድሳው ማርክ እዚህ ላይ ዕዳ ነው።

በምርኩዝ ኳስ መጫወት እንደሚቻል ለልጁ በስልኬ አሳየሁት። በምርኩዝ የሚጫወቱት እግር ኳስ ሰባት ለሰባት ነው፤ ሜዳ ላይ ያሉት አንድ እግራቸው የተቆረጠ፣ በረኛው አንድ እጁ የጎደለ። ኳስን ሆን ብሎ በምርኩዝ መንካት እንደ እጅ ይቆጠራል። እ.ኤ.አ. በ2018 ዓለም ዋንጫውን የወሰደችው አንጎላ ናት፤ ፈንጂ እግሩን የቆረጠው ስንት ወጣት እንዳላት ለሚያውቅ አይደንቅም። ልጁ ቪዲዮውን ሦስት ጊዜ አየ። «በረኛው እጅ የሌለው ነው?» አለ። «እንግዲያስ እኔ በረኛ አልሆንም። አጥቂ ነኝ።»

እዚያው ገደብ ቢጀመር ምን ይፈልጋል? ማየት ለተሳነው ሯጭ አንድ ገመድና ገመዱን አብሮት ይዞ የሚሮጥ አንድ ወዳጅ። አሯሯጩ ከሚመራው ሰው የፈጠነ መሆን አለበት፣ ሊጎትተውም ሊቀድመውም አይፈቀድለትም። ገመዱም ቀልድ አይደለም፤ ፓሪስ ላይ ስፔናዊቷ ኤሌና ኮንጎስት በማራቶን ሦስተኛ ልትገባ ጥቂት ሲቀራት፣ የተዝለፈለፈ አሯሯጯን ልትደግፍ ገመዱን ለቃ ተሰረዘች። ፈጣን ልጅ በሞላበት ደጋ አሯሯጭ አይጠፋም። የመደብ ምርመራው፣ ውድድሩ፣ ወንበሩ ከበላይ አካል የሚጠበቅ ነው። የስፖርት ክፍለ ጊዜው ግን የመምህሩ ነው፤ በጀት አይጠይቅም። ያላነሣሁት ጉዳት ብዙ ነው፤ በአሥራ አምስት ዓመቱ ከሜዳ የወጣ ልጅ በሃያው ከጓደኛ፣ ከሥራ፣ ከሠርግ ጭፈራም ሲወጣ አይቻለሁ። ለዚህ የተሰጠኝ ገጽ አልቋል።

ቪዲዮውን ባሳየሁት ቀን ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ኳሱ ተመትቶ ከተዳፋቱ በታች ወደ እንሰቱ ተንከባለለ። ተጫዋቾቹ አልተንቀሳቀሱም፤ ቆመው እኛ ወዳለንበት ያያሉ። ቁልቁል የሄደ ኳስ የሚያመጣው እሱ ነው፤ ስቆጥር በዚያ ቀን ብቻ አሥራ አራተኛው ነበር። ክንዱ ላይ ያለውን ሹራብና ጃኬት ሁሉ ሸክፎ አስታቀፈኝ።

«ያዙልኝ ጋሼ» አለና ወረደ። ምርኩዙ አንድ ጊዜ መሬት ሲነካ እሱ ሁለት ክንድ ያህል አየር ላይ ነው። እንሰቱ ውስጥ ገብቶ ተሰወረ። ከታቀፍኳቸው ጃኬቶች አንዱ ኪስ ውስጥ ስልክ ይጠራ ጀመር፤ የማን እንደሆነ አላውቅም።