ካሱሌ በድስቱ ሲነበብ

ከቱሉዝ ተነስቶ ወደ ካርካሶን የሚጓዝ ሰው ከእኩሌታው መንገድ ትንሽ አልፎ ካስተልኖዳሪን ያገኛታል። ከተማዋ ትንሽ ናት፤ ስሟ ግን በመላው ፈረንሳይ ከአንድ ምግብ ጋር ተሳስሯል፤ ከካሱሌ ጋር። ካሱሌ ነጭ ቦሎቄ፣ የአሳማ ሥጋ፣ ቋሊማና በራሱ ስብ የተቀቀለ የዝይ ወይም የዳክዬ ሥጋ በሸክላ ድስት ተደራርቦ ለሰዓታት የሚበስል ምግብ ነው። የከተማዋ ሰዎች ስለ አመጣጡ የሚተርኩት ታሪክ አላቸው። በ1355 (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) እንግሊዞች ከተማዋን ከበቧት። ረኃብ የጠናበት ሕዝብ በየጓዳው የቀረውን ቦሎቄና ሥጋ አዋጥቶ በአንድ ትልቅ ድስት ጣደ። ወታደሩ በልቶ ጠገበና ጠላትን እስከ ባሕር ድረስ አሳደደው።

ታሪኩ ሁለት ቦታ ላይ ይሰበራል። በዚያ ዓመት ጥቁሩ ልዑል የሚባለው ኤድዋርድ በእርግጥም ወደዚያ ዘምቷል፤ ነገር ግን ከተማዋን አቃጥሎ አለፈ እንጂ ተባሮ አልሄደም። ሁለተኛው ስብራት ለአማርኛ አንባቢ ቶሎ የሚታይ ነው፤ ቋንቋችን ባቄላንና ቦሎቄን አያምታታምና። ባቄላ አውሮፓ ከጥንት ጀምሮ የሚያውቀው ጥራጥሬ ነው። ቦሎቄ ግን የአሜሪካ ልጅ ነው፤ ኮሎምቦስ በ1492 ውቅያኖሱን ከመሻገሩ በፊት የካስተልኖዳሪ አካባቢ ገበሬ በዓይኑ አላየውም። ስለዚህ በ1355 ድስት ተጥዶ ከነበረ፣ ውስጡ ያለው ባቄላ ወይም ሌላ የቆየ ጥራጥሬ መሆን አለበት።

እኔ በበኩሌ ከአፈ ታሪኩ ይልቅ ድስቱን አምናለሁ። የምግቡ ስም ራሱ የወጣው ከዕቃው ነው። ካሶል ይባላል፤ ከካስተልኖዳሪ በስተሰሜን ያለችው የኢሰል መንደር ሸክላ ሠሪዎች ይታወቁበት የነበረ ዕቃ ነው። ታቹ ጠባብ፣ አፉ ሰፊ፣ ውስጡ እንዳያንጠባጥብ በሚያብረቀርቅ ልባጥ የተቀባ ነው። ይህ ቅርጽ ለጌጥ የተመረጠ እንዳይመስላችሁ። ሸክላ ቶሎ አይግልም፤ ከጋለ በኋላ ደግሞ ቶሎ አይበርድም፤ ስለዚህ ቦሎቄው ሳይንፈቀፈቅና ሳይፈነዳ ቀስ ብሎ ይበስላል። የአፉ ስፋት ደግሞ ብዙ ገጽ ለእሳት ያጋልጣል፤ የካሱሌ ምሥጢር ያለውም እዚያ ገጽ ላይ ነው።

ሥራው እንዲህ ነው። ቦሎቄው ሌሊቱን ሙሉ ይዘፈዘፋል፤ በማግሥቱ ለጥቂት ደቂቃ ተቀቅሎ ውኃው ይደፋል። ከአሳማ ቆዳ፣ ከአጥንትና ከነጭ ሽንኩርት መረቅ ይወጣል፤ ቦሎቄው በዚሁ መረቅ እስኪለሰልስ ይቀቀላል። ከዚያ የድስቱ ውስጥ በነጭ ሽንኩርት ይታሽና ቆዳው ከታች ይነጠፋል፤ ቦሎቄ፣ ሥጋ፣ እንደገና ቦሎቄ፣ ከላይ ቋሊማ እየተደረበ ይሞላል፤ መረቁም እስከ አፉ ይፈስበታል። ዛሬ በቤት ምድጃ ከ150 እስከ 160 ዲግሪ ሙቀት ለሁለት ወይም ለሦስት ሰዓት ይቆያል።

እሳቱ ሥራውን ሲጀምር ከቦሎቄው የሚወጣው ስታርችና ከቆዳው የሚቀልጠው ጄላቲን ከስቡ ጋር ተዋሕደው ወደ ላይ ይወጣሉ፤ ገጹ ይደርቅና ቡናማ ቅርፊት ይጋግራል። ወጥ ቤቷ ይህን ቅርፊት በማንኪያ ጀርባ፣ ቦሎቄውን ሳትደፈጥጥ፣ ወደ ውስጥ ትጫነዋለች። አዲስ መረቅ ይወጣል፤ አዲስ ቅርፊት ይሠራል። ልማዱ ሰባት ጊዜ ስበሩ ይላል፤ ስምንት ነው ብለው የሚከራከሩም አሉ። ቁጥሩ ምንም ይሁን፣ የሚሆነው ነገር ግልጽ ነው። የተጠበሰው ገጽ ጣዕም እየተሰበረ ወደ ታች ይወርዳል፤ መረቁም ዱቄት ሳይጨመርበት ይወፍራል። አንዳንድ የቱሉዝ ወጥ ቤቶች ከላይ የዳቦ ፍርፋሪ ይነሰንሱበታል። በእኔ ግምት ይህ ጊዜ ለሌለው ሰው የተፈቀደ ማታለያ ነው፤ ቅርፊቱ ከላይ ይታያል፣ ከታች ግን አይቀመስም።

እዚህ ላይ ማገዶ ይነሳል። ካስተልኖዳሪ ያለችበት ሎራጌ የእህል አገር ነው፤ ደኑ ጥቂት ነው። በድሮው ገበሬ ቤት ውስጥ እሳት የሚነደው በአንድ ምድጃ ሲሆን፣ ድስቱም ከጭስ መውጫው በወረደ የብረት ሰንሰለትና ሜንጦ ይንጠለጠል ነበር። ይህ ማንጠልጠያ የቤት ምልክት ከመሆኑ የተነሣ ፈረንሳዮች ዛሬም አዲስ ቤት ሲያስመርቁ «ማንጠልጠያውን ሰቀልን» ይላሉ፤ ቤቱ የኤሌክትሪክ ምድጃ ብቻ ያለው አፓርታማ ቢሆንም። በተንጠለጠለ ድስት መቀቀል ይቻላል፤ ከላይ ቅርፊት ማውጣት ግን አይቻልም። ለዚያ የታፈነ ሙቀት ያስፈልጋል፤ የታፈነ ሙቀት ያለው ደግሞ ዳቦ ጋጋሪው ዘንድ ነው። ዳቦው ከወጣ በኋላ ምድጃው ለረጅም ሰዓት ሙቀቱን ይዞ እየቀዘቀዘ ይሄዳል። ሴቶች ድስታቸውን ይዘው ይሄዱ የነበረው ያን ጊዜ ነው። ማገዶው ለዳቦው ተቃጥሏል፤ ካሱሌው የሚበስለው በትርፉ ነው።

ሥጋውም የክረምት ሒሳብ ነው። አንድ ቤተሰብ በብርዱ ወራት አሳማ ያርዳል፤ ማቀዝቀዣ በሌለበት ዘመን ያንን ሁሉ ሥጋ ትኩሱን መጨረስ አይቻልምና ከፊሉ ቋሊማ ይሆናል፣ ከፊሉ በጨው ይታሻል። ዝይው ደግሞ ተቆራርጦ በደረቅ ጨው ያድራል፤ ከዚያ በገዛ ስቡ በዝግታ ተቀቅሎ በሸክላ ማሰሮ ይከተታል፤ ስቡም ከላይ ረግቶ አየር እንዳይገባ ይደፍነዋል። ኮንፊ ይሉታል። እንደ ቋንጣ አልደረቀም፤ ለስላሳ እንደሆነ ወራት ይቆያል። በካሱሌ ውስጥ የሚገናኙት እነዚህ በጨው፣ በስብና በአንጀት የተጠበቁ ነገሮች ናቸው፤ ከደረቀ ቦሎቄ ጋር። ከዚያ ቀን ገበያ የተገዛ ነገር የለበትም ማለት ይቻላል።

ዝይውን ያወፈረው ምንድን ነው? በቆሎ። በቆሎም እንደ ቦሎቄው ከአሜሪካ የመጣ ነው። በሎራጌ ሜዳ ከተስፋፋ በኋላ ገበሬው ስንዴውን ለገበያ አውጥቶ፣ በቆሎውን ለራሱና ለዝዮቹ አስቀረ። ወደ ፒሬኔ ተራሮች ጠጋ ባለችው ታርብ አካባቢ ደግሞ ቦሎቄው በበቆሎው አገዳ ላይ እየተጠመጠመ በአንድ ማሳ ያድግ ነበር። «ጥንታዊ» የምንለው የደቡብ ምዕራብ ፈረንሳይ ማዕድ እንግዲህ ከውቅያኖስ ማዶ በመጡ ሁለት እንግዶች ላይ የቆመ ነው። ይህን ማወቅ ምግቡን የሚያሳንሰው አይመስለኝም፤ እንዲያውም የገበሬውን ብልሃት የሚያሳየው ይሄ ነው።

ስቡን ትንሽ እንከተለው፤ የፈረንሳይን የአካባቢ ምግብ ለመረዳት ከእሱ የተሻለ መንገድ አላገኘሁም። በሰሜን ምዕራብ ያለችው ኖርማንዲ ዝናባማ ስለሆነች ሣሯ አይደርቅም፣ ላሟ ትታለባለች፤ ምግቧ ሁሉ ቅቤና ክሬም ነው። በሜዲትራኒያን ዳር ያለችው ፕሮቫንስ የወይራ ዘይት አገር ናት፤ ወይራ ግን ጽኑ ውርጭ አይችልም። በየካቲት 1956 የወረደው ቅዝቃዜ የፕሮቫንስን የወይራ ዛፎች ፈጅቷል። ሎራጌ ለላሙ ሣር አነሰው፣ ለወይራውም እርግጠኛ አየር አጣ፤ ስለዚህ ስቡን ከአሳማና ከዝይ አወጣ። የታሪክ ሊቁ ሉሲየን ፌቭር በ1930ዎቹ ይህን የስብ ካርታ በጥናት ለመሳል ሞክረዋል፤ ሰው ሌላውን ሁሉ ሲለውጥ የለመደውን የማብሰያ ስብ አጥብቆ እንደሚይዝ ያውቁ ነበርና።

ካርታውን የሳለው አየር ብቻ አይደለም፤ ቤተ ክርስቲያንና ግብርም እጃቸው አለበት። በመካከለኛው ዘመን የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን በዐቢይ ጾም ቅቤን ትከለክል ነበር። ጾምን የሚያውቅ አንባቢ ችግሩ ወዲያው ይገባዋል፤ ወይራ ለማይበቅልበት ለኖርማንዲ ሰው ዘይቱ ሩቅና ውድ ነው። መፍትሔው በገንዘብ የሚገኝ ፈቃድ ሆነ። የሩዋን ካቴድራል አንደኛው ግንብ እስከ ዛሬ «የቅቤ ግንብ» ይባላል፤ በጾም ቅቤ ለመብላት ፈቃድ የፈለጉ ምእመናን ከከፈሉት ገንዘብ ተሠራ ስለሚባል። ብሪታኒ የሚባለው የፈረንሳይ ክፍለ አገር ቅቤ ደግሞ እስከ ዛሬ ጨዋማ ነው። ከፈረንሳይ አብዮት በፊት ጋቤል የሚባለው የጨው ግብር አብዛኛውን ፈረንሳይ ሲያስመርር ብሪታኒ ነጻ ነበረች፤ ጨው ርካሽ በሆነበት አገር ቅቤን በጨው ማቆየት ከባድ ወጪ አልነበረም። ግብሩ በ1790 ተሻረ፤ ምላስ ግን እንደ አዋጅ በአንድ ቀን አይለወጥም።

ወደ ካሱሌ ልመለስና የሚያስቸግረኝን ጥያቄ ላንሳ፦ ማን ነበር የሚበላው? ሁልጊዜ «የድሃ ምግብ» ይባላል። ኮንፊ፣ ቋሊማ፣ የአሳማ ክርንና ቆዳ በአንድ ድስት የሚጨምር ቤት ግን በዚያ ቀን ድሃ አይደለም። የሎራጌ ገበሬ የዘወትር ምግቡ ሾርባና ሚያስ የሚሉት የበቆሎ ገንፎ ነበር። ሾርባ ስንል ደግሞ ከመረቁ ይልቅ ዳቦውን ማሰብ ይኖርብናል። ሱፕ የሚለው ቃል መጀመሪያ የሚያመለክተው መረቅ የሚፈስበትን የዳቦ ቁራጭ ነበር፤ ወደ ፍትፍት የሚጠጋ ነገር ነው። የደረቀው ዳቦ ሳህን ላይ ይቀመጣል፣ የጎመን፣ የሽንኩርትና የጥቂት ስብ መረቅ ይደፋበታል። በደቡብ ምዕራብ ሰውየው በመጨረሻ በተረፈው መረቅ ላይ ቀይ ወይን ጨምሮ ሳህኑን አንስቶ ይጨልጠዋል። ካሱሌ የሚመጣው እሑድ ወይም በዓል ሲሆን ነው። ደህናው ዝይ ለገበያ ይሄዳል፤ ለባለቤቱ ክንፍ፣ አንገትና አጥንት ይቀራል። «የገጠር ምግብ» የሚለው ስያሜ ይህን ልዩነት ይሸፍነዋል፤ የዓመቱን ጥቂት ቀናት ወስዶ የዓመቱ ሁሉ ያስመስለዋል።

ስያሜውን የሰጡት ገበሬዎቹ አልነበሩም። ባቡር በ1857 ቦርዶን ሴት ከሚባለው ወደብ ጋር ሲያገናኝ መንገዱ በካስተልኖዳሪ አለፈ፤ ቀስ በቀስ የክፍለ አገሩ ምግብ ወደ ከተማ፣ የከተማው ሰውም ወደ ክፍለ አገሩ መመላለስ ጀመረ። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ደግሞ መኪና መጣ። ኩርኖንስኪ በሚል የብዕር ስም የሚታወቁት ሞሪስ ሳያን ከማርሴል ሩፍ ጋር በየክፍለ አገሩ እየዞሩ ከ1921 ጀምሮ «የምግብ ፈረንሳይ» የተሰኘውን ተከታታይ መጽሐፍ አወጡ፤ ሃያ ስምንት ቅጽ ደርሷል። የጎማ ፋብሪካው ሚሽላን ምግብ ቤቶችን በኮከብ ማመልከት የጀመረው በ1926 ነው፤ ሰው ለመብላት ሲል ሩቅ ከነዳ ጎማው ያልቃልና። በካርካሶን የተወለዱት ዝነኛው ወጥ ቤት ፕሮስፔር ሞንታኜ የካሱሌን ሦስት ከተሞች በሥላሴ መስለው አብ ካስተልኖዳሪ፣ ወልድ ካርካሶን፣ መንፈስ ቅዱስ ቱሉዝ አሉ። ካስተልኖዳሪ አሳማ ታበዛለች፤ ካርካሶን በግ፣ በአደን ወቅትም ቆቅ ትጨምራለች፤ ቱሉዝ የራሷን ቋሊማና ኮንፊ። ድንበሩ የተሳለው ያኔ ነው፤ ከዚያ በፊት እያንዳንዷ ሴት ያላትን ትጨምር ነበር።

ለእኔ ከሁሉም የሚበልጠው ዓመት 1931 ነው። በዚያ ዓመት በተደረገው ቆጠራ የፈረንሳይ የከተማ ነዋሪ ቁጥር ለመጀመሪያ ጊዜ ከገጠሩ በለጠ። የአያት ምግብ ዝነኛ የሆነው አያቲቱ መንደር ውስጥ ብቻዋን ስትቀር ነው። ቱሉዝ ወይም ፓሪስ የገባው የልጅ ልጅ ምድጃም ጊዜም የለውም፤ ናፍቆት ግን አለው፤ ናፍቆቱንም የካስተልኖዳሪ ፋብሪካዎች በቆርቆሮ አሽገው ሸጡለት። በ1970 ደግሞ ከተማዋ ውስጥ የካሱሌ ማኅበር ተቋቋመ፤ አባላቱ ረጅም ካባ ለብሰው የምግቡን ሥርዓት ይጠብቃሉ።

ገንፎው ሚያስ ካባ ለባሽ ጠባቂ አላስፈለገውም። ዛሬ በአንዳንድ የደቡብ ምዕራብ ቤቶች ቀዝቅዞ ሲጠነክር ይቆራረጥና በዝይ ስብ ይጠበሳል፤ ስኳር ይነሰነስበትና ከምሳ በኋላ ለልጆች ይሰጣል።