ስለ ደንጊያ ሽበት

ልጆች ሆይ፤ በሐዋሳ ከተማ የምትኖሩ ሁሉ የታቦርን ተራራ ታውቃላችሁ። ወደዚያ ስትወጡ በመንገድ ዳር ያለውን ደንጊያ ቀርባችሁ ተመልከቱ። በላዩ አመድ የመሰለ፣ ወይም ብጫ፣ ወይም የጠቆረ ክብ ክብ ነገር ታያላችሁ። ብዙ ሰው ይህን ባየ ጊዜ ቀለም የፈሰሰበት እድፍ ይመስለዋል። ነገር ግን እድፍ አይደለም፤ ሕይወት ያለው ፍጥረት ነው። ስሙም የደንጊያ ሽበት ይባላል፤ የሽማግሌ ራስ እንደሚሸብት ደንጊያውን ያሸብተዋልና።

ሽበት ሦስት ዐይነት መልክ አለው። አንደኛው እንደ ጢም በዛፍ ላይ ይንጠለጠላል፤ ሁለተኛው እንደ ቅጠል ይዘረጋል፤ ሦስተኛው ግን እንደ ቅርፊት ሆኖ በደንጊያ ላይ ይለጠፋል። ይህ ሦስተኛው ከደንጊያው ጋራ እጅግ ስለተጣበቀ፣ ደንጊያውን ሳይቦጭቁ እርሱን ብቻ ማንሣት አይቻልም።

አንድ መስሎ ይታያል እንጂ ሁለት ነው። ሲሞን ሽቬንደነር የሚባል የስዊስ ሊቅ በ1869 ዓ.ም. በአውሮፓውያን አቈጣጠር ይህን ጽፎ አስረዳ። ብዙዎች የዘመኑ ሊቃውንት አልተቀበሉትም፤ በኋላ ግን ነገሩ እውነት ሆኖ ተገኘ። አንደኛው ከሻጋታና ከእንጉዳይ ወገን የሆነ ፈንገስ ነው፤ ሁለተኛው በኩሬ ውሃ ላይ አረንጓዴ ሆኖ የሚታየው የአልጌ ወገን ነው። ፈንገሱ ደንጊያውን ይይዛል፣ ውሃ ያቍራል፣ ባልንጀራውንም ከፀሐይ ቃጠሎ ይጋርዳል። አልጌው ደግሞ በፀሐይ ብርሃን ምግብ ሠርቶ ለፈንገሱ ያካፍላል። ዕውር አንካሳውን ተሸክሞ፣ አንካሳውም መንገዱን እያሳየው ሁለቱ ካሰቡት ስፍራ እንደሚደርሱ፣ እነዚህም ለብቻቸው ሊኖሩበት በማይችሉት በደረቅ ደንጊያ ላይ ተባብረው ይኖራሉ።

በሰሜን አውሮፓ የባሕር ዳር ዐለቶች ላይ ሽበት እንደ መቀነት ተራ በተራ ሆኖ ይታያል። ማዕበል በሚረጨው በታችኛው ስፍራ ጥቁሩ፣ ከእርሱ በላይ ብርቱካን የመሰለው፣ ከሁሉም በላይ አመድማው ይበቅላል። እያንዳንዱ የጨውን ውሃ መታገሥ በሚችልበት መጠን ስፍራውን ይይዛል።

ድርቅ ሲሆን የደንጊያ ሽበት ደርቆ ያንቀላፋል፤ ዝናም ሲመጣ ይነቃል። በ2005 ዓ.ም. በአውሮፓውያን አቈጣጠር ሊቃውንት ሽበትን በመንኰራኵር ከምድር በላይ ልከው፣ አየር በሌለበት ሰማይ ሁለት ሳምንት ያህል ገልጠው አቈዩት፤ ወደ ምድር በተመለሰ ጊዜም በሕይወት ተገኘ።

ዕድገቱ ግን እጅግ ዝግ ያለ ነው። ከቅርፊቱ ወገን ብዙዎቹ በዓመት 1 ሚሊሜትር እንኳ አይሰፉም። ስለዚህ እንደ መዳፍ የሰፋ ሽበት ያያችሁ እንደ ሆነ፣ ዕድሜው ከአያታችሁ ዕድሜ ሊስተካከል ይችላል። «ቀስ በቀስ እንቍላል በእግሩ ይሄዳል» እንደሚባለው፣ ሽበቱ ከሰውነቱ በሚያወጣው ኮምጣጣ ነገር ደንጊያውን ጥቂት በጥቂት ያላላዋል። የላላውም ፍርፋሪ ከአቧራ ጋራ ተደባልቆ ከብዙ ዘመን በኋላ አፈር ይሆናል፤ በዚያም አፈር ሣር ይበቅላል።

ይሁን እንጂ በሜዳ የሚጠቅመው ሥራ በሌላ ስፍራ ይጐዳል። በ1978 ዓ.ም. በአውሮፓውያን አቈጣጠር በዓለም ቅርስ መዝገብ የተጻፉት የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ከዐለት የተፈለፈሉ ናቸውና፣ ከዝናሙ ጋራ ሽበትም ደንጊያቸውን ያደክመዋል። ቢሆንም ማንም ተነሥቶ ሊፍቀው አይገባም፤ ሽበቱ ሲነሣ ቅርጹም አብሮ ይነሣልና። ይህ የዐዋቂዎች ሥራ ነው።

እንግዲህ ልጆች ሆይ፤ በደንጊያ ላይ ስማችሁን በሚስማር ለመጻፍ ባሰባችሁ ጊዜ እጃችሁን ግቱ። አንድ ልጅ በአንድ አፍታ የሚፍቀውን፣ ሁለቱ ባልንጀሮች መልሰው ለመሥራት የአንድ ሰው ዕድሜ ያስፈልጋቸዋል።