የሲምፕሰን ቤተ ሰብ የችግር ዘመን

ከአሜሪካ የቴሌቪዥን ድርሰቶች መካከል፣ ቢጫ መልክ ያላቸው የአንድ ቤተ ሰብ አባላት በተንቀሳቃሽ ሥዕል የሚተውኑበትን «ዘ ሲምፕሰንስ» የተባለውን የምጸት ኮሜዲ የሚወዱ ብዙዎች ናቸው፤ ነገር ግን እነዚሁ ወዳጆቹ፣ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ከዲሴምበር 1989 እስከ ሜይ 1990 በፎክስ ጣቢያ የታየውን ባለ13 ክፍል የመጀመሪያ ምዕራፍ የጀማሪ ልምምድ ነው ብለው ያልፉታል።

ነቀፋው ፈጽሞ መሠረት የለውም አይባልም። ማት ግሬኒንግ ከ1987 ጀምሮ በትሬሲ ኡልማን ትርኢት ውስጥ በአጭር በአጭሩ ያቀርባቸው የነበሩትን ሥዕሎች ከጄምስ ብሩክስና ከሳም ሳይመን ጋር ሆኖ ወደ ግማሽ ሰዓት ሲያሰፋቸው የሠዓልያኑ እጅ ገና አልረጋም ነበርና፣ አስቀድሞ እንዲታይ የታሰበው ክፍል ከብልሽቱ የተነሣ አብዛኛው እንደ ገና ተሥሎ በመጨረሻ ቀረበ፤ የከበርቴው የበርንስ ረዳት ስሚዘርስም በቀለም ቀቢዎች ስሕተት በአንዱ ክፍል ጠይም ሆኖ ብቅ ካለ በኋላ፣ ማንም ምክንያቱን ሳይናገር ቢጫ ሆኖ ቀርቷል።

ይሁን እንጂ በዚህ ምዕራፍ የምናየው ሆመር ኋላ እንደ ሆነው ያለ ፍጹም ቂል ሳይሆን፣ ደመወዙ የማይበቃውና በቤተ ሰቡ ፊት ማፈርን አጥብቆ የሚፈራ አባት ነው። በበዓለ ልደት ክፍል ሚስቱ ማርጅ ያጠራቀመችው ገንዘብ የልጃቸውን የባርትን ንቅሳት ለማስፋቅ ካለቀ፣ ከመሥሪያ ቤቱ የሚጠብቀው የበዓል ጉርሻም ከቀረበት በኋላ፣ ችግሩን ለመናገር አንደበቱ ስላልታዘዘለት በስውር የገና አባትን ልብስ ለብሶ በገበያ አዳራሽ ያገለግላል፤ ተቀናንሶ የተከፈለውም 13 ዶላር ብቻ ነው። በሌላው ክፍል ደግሞ የቤቱን ሰላም ለሚመልስለት ሐኪም ለመክፈል ቴሌቪዥኑን ያስይዛል፤ በቴሌቪዥን የሚኖር ድርሰት በራሱ ላይ እንዲህ ያለ ፌዝ መሰንዘሩ፣ በእኔ አስተያየት፣ ትልቅ ድፍረት ነው።

ከሁሉ የሚበልጠው ግን ስድስተኛው ክፍል ነው። የስምንት ዓመቷ ሊሳ ምክንያቱን ለይታ ልትናገረው የማትችለው ኀዘን ሲይዛት፣ እናቷ ማርጅ ከገዛ እናቷ የወረሰችውን ትምህርት በመከተል፣ ሰው እንዲወድሽ ኀዘንሽን ውጠሽ ፈገግ በይ ብላ ትመክራታለች፤ ሊሳም እንደ ታዘዘችው ፈገግ ስትል እኩዮቿ የቤት ሥራቸውን ሊያሸክሟት፣ መምህሯም ሊጫናት መጀመራቸውን እናቲቱ ከመኪናዋ ሆና ባየች ጊዜ፣ ተመልሳ ልጇን ትወስድና ማዘን ብትፈልጊ እዘኚ፣ እኛ ከአንቺ ጋር ነን ትላታለች። ተግሣጹ የወደቀው ደስታን እንደ ግብር በሚያስከፍለው ማኅበረ ሰብ ላይ ነው፤ ለዚህም ሲባል ቀልዱ ለረጅም ጊዜ ዝም እንዲል ተፈቅዶለታል።

በ1990 የኤሚን ሽልማት ያገኘው ዘጠነኛው ክፍልም የተሠራው በዚሁ መንገድ ነው፤ ባሏ የዘነጋት ማርጅ በቦውሊንግ አዳራሽ ባገኘችው በዣክ ልቧ ሲፈተን፣ ደራሲው በእርሷ ለመሣቅ አልቸኰለም፤ ወደ ዣክ ቤትና ወደ ሆመር መሥሪያ ቤት በሚያደርሱት ሁለት መንገዶች መካከል ቆማ ራሷ እንድትመርጥ ትቶላታል።