ሞላ ሲቆረጥ ጎማ ለምን ያልቃል?

መኪና ዝቅ ማድረግ ሲባል ቶሎ ትዝ የሚለን ሞላ አስቆርጦ ቪትዙን ወይም ኮሮላውን አስፋልት ላይ የሚያስተኛው የአዲስ አበባ ወጣት ነው። ሜዳ ላይ ያምራል፤ አልክድም። ያቺው መኪና ከወረታ ተነሥታ ወደ ደብረ ታቦር ስትወጣ ግን ነገሩ ይለያል። ወረታ ያለችው ፎገራ ሜዳ ላይ ሲሆን ደብረ ታቦር ደግሞ 2,700 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት። መካከሉ ወደ 40 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ዳገትና ኩርባ ነው።

የፊት ጎማ በሞላ ብቻ የቆመ አይደለም። ከታች ብራቾው፣ ከመሪው በኩል ደግሞ ቴስቲኒው ይዘውታል። የሁለቱ ርዝመትና መታጠፊያ አንድ ስላልሆነ፣ የመኪናው አካል ዝቅ ሲል እኩል አይንቀሳቀሱም። በዚህ የተነሣ ጎማው ከላይ ወደ ውስጥ ያጋድላል፤ ይህ ካምበር ይባላል። ፊቱም እንደ መኪናው አሠራር ወደ ውስጥ ወይም ወደ ውጭ ይዞራል፤ ይህኛው ቶው ነው።

ካምበር በዓይን ስለሚታይ ሁሉም እሱን ይፈራል። በእኔ እምነት ዋናው ጎማ በሊታ ግን ቶው ነው። ሒሳቡን እንሥራው። አንድ ጎማ ከሚሄድበት አቅጣጫ ግማሽ ዲግሪ ቢዞር በየኪሎ ሜትሩ 8.7 ሜትር ያህል ወደ ጎን ይጎተታል። እንግዲህ ከወረታ ደብረ ታቦር እስኪደርስ ወደ 350 ሜትር ተፈግፍጓል ማለት ነው። ከውስጥ በኩል ተላጭቶ ሽቦው ሲወጣ እንኳ ከውጭ ለሚያየው ደህና ጎማ ይመስላል።

ዝቅ ያለ መኪና ኩርባ ላይ ይረጋጋል የሚባለው ግማሹ እውነት ነው። የክብደቱ ማዕከል ዝቅ ማለቱ ይጠቅማል። ነገር ግን ሞላው የሚጫወትበት ቦታ ያጥረዋል፤ ጉድጓድ ሲያገኝ መጨረሻው ላይ ደርሶ ይመታል። ይህ ኩርባ መሃል ከደረሰ ጎማው መሬቱን መያዝ ያቅተዋል፣ መሪውም ሾፌሩ ሳያዞረው ይስባል። የተቆረጠ ሞላ ደግሞ ጎማው ሲንጠለጠል ከመቀመጫው ሊወጣ ይችላል።

በደቡብ ጎንደር ደጋ መኪናን ዝቅ የሚያደርገው ግን ከመቁረጫው ይልቅ ጭነቱ ነው። ከመጠን በላይ ሰው የያዘና ጣሪያው ላይ የፋርጣ ድንች የተከመረበት ሚኒባስ የኋላ ባሌስትራው ይጎብጣል። የኋላው አክስል ድፍን ስለሆነ የጎማዎቹ ማዕዘን ያን ያህል አይለወጥም። ጉዳቱ ፊት ለፊት ነው፦ አፍንጫው ይነሣል፣ የፊት ጎማዎች ክብደት ያጣሉ፣ መሪው ይቀልላል። ማታ መብራቱ ሽቅብ እያበራ ከፊት የሚመጣውን ሾፌር ያሳውራል።

ለጉድጓድ ብለው ስፔሰር አስገብተው ቪትዛቸውን ከፍ የሚያደርጉትም ከዚህ ሕግ አያመልጡም፤ የሚቀየረው የማዘንበሉ አቅጣጫ ብቻ ነው። ከፍታው በተነካ ቁጥር ዊል አላይመንት መሠራት አለበት፤ ያውም ያለቀው የብራቾ ጎሚኒ ከተቀየረ በኋላ። በቪትዝና መሰሎቿ ላይ ከፋብሪካው የሚስተካከለው ቶው ብቻ ነው፤ ካምበር ለማስተካከል ልዩ ብሎን ይጠይቃል። በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ስለተከለከለ፣ ያለችውን መኪና መጠበቅ ግድ ሆኗል።

ማሽን ቤት ከመሄድዎ በፊት መኪናው ቆሞ ሳለ የጎማውን ጥርስ በመዳፍዎ ከውስጥ ወደ ውጭ፣ ከዚያም ከውጭ ወደ ውስጥ ይዳስሱት። በአንዱ አቅጣጫ ለስላሳ፣ በሌላው ሻካራ ከሆነ ቶው ተዛብቷል። ሽቦ የወጣበትን ጎማ ግን በባዶ እጅ አይንኩ።