የቤት ብድር እውነተኛ ዋጋው ስንት ነው?

መኖሪያ ቤት ለመሥራት ወይም ለመግዛት ከባንክ መበደር በደመወዝ ለሚተዳደር ሰው ሁሉ፣ በተለይም ለመምህር፣ በሕይወቱ ከሚገባባቸው ውሎች ትልቁ ነው ማለት ይቻላል። ሆኖም በመምህራን ማረፊያ ክፍል ስለ ቤት ብድር የሚደረገውን ጭውውት ያዳመጠ ሰው የሚሰማው ጥያቄ ብዙውን ጊዜ አንድ ነው፤ ይኸውም «በወር ስንት ይቆረጥብሃል?» የሚለው ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ደመወዙ ክፍያውን ለመቻል አለመቻሉን ያሳያልና። ነገር ግን ብድሩ በጠቅላላው ስንት እንደሚያስከፍል አይነግረንም። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ከወርሃዊው ክፍያ በስተጀርባ ያለውን ጠቅላላ ወጪ በቀላል ሒሳብ ማሳየት ነው። መምህራን ለራሳቸው ውሳኔ፣ ተማሪዎችም ስለ ወለድ የሚማሩትን ከኑሮ ጋር ለማገናኘት ሊጠቀሙበት ይችላሉ።

የመያዣ ብድር ምንድን ነው?

በቤት መያዣነት የሚሰጥ ብድር ማለት ባንኩ ገንዘብ ያበድራል፣ ተበዳሪው ደግሞ ቤቱን ለዕዳው ዋስትና እንዲሆን ያስይዛል ማለት ነው። ተበዳሪው በቤቱ እየኖረ በየወሩ ይከፍላል። መክፈል ካቃተው ግን ባንኩ ቤቱን ሸጦ ገንዘቡን ያስመልሳል። በአገራችን በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 97 ባንኮች ማስጠንቀቂያ ሰጥተው በመያዣ የያዙትን ንብረት ያለ ፍርድ ቤት ክስ በሐራጅ እንዲሸጡ ሥልጣን ሰጥቷቸዋል። ስለዚህ መያዣ የሚለው ቃል በወረቀት ላይ ብቻ የሚቀር አይደለም።

መያዣ ለአገራችን ሰው እንግዳ ነገር አይደለም። በገጠር «ወለድ አገድ» የሚባለው ልማድ ከጥንት ጀምሮ የታወቀ ሲሆን፣ በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግም ስለዚሁ የውል ዓይነት የሚናገሩ አንቀጾች አሉት። በዚህ ልማድ ተበዳሪው መሬቱን ለአበዳሪው ያስረክባል፤ አበዳሪውም ዋናው ገንዘብ እስኪመለስለት ድረስ እያረሰ ምርቱን በወለድ ፋንታ ይወስዳል። ይህ አሠራር ለተበዳሪው ከባድ ነው። ቢሆንም አንድ ነገር አይሰወርበትም። በየመኸሩ ስንት ኩንታል እህል ከእጁ እንደወጣ በዓይኑ ያያል፤ ዋናው ዕዳ ደግሞ ከነበረበት ፈቀቅ እንዳላለ ያውቃል።

በባንክ ብድር ግን ወለዱና የዋናው ዕዳ ቅናሽ በአንድ ቁጥር ተጠቃለው ከደመወዝ ስለሚቆረጡ፣ ወለዱ ለብቻው አይታይም። ለዚህ ነው ቁጥሩን ከፍቶ ማየት የሚያስፈልገው።

ከ20ው ይልቅ 80ው

በኢትዮጵያ ለቤት ማበደር ቆየት ያለ ታሪክ አለው። እ.ኤ.አ. በ1975 የተቋቋመው የቤቶችና ቁጠባ ባንክ ዋና ተግባሩ ይኸው ነበር። ይህ ባንክ በኋላ የኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ተብሎ ከቆየ በኋላ በ2008 ዓ.ም. ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ጋር ተዋሕዷል። በ2005 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የ10/90፣ የ20/80 እና የ40/60 የጋራ መኖሪያ ቤቶች ምዝገባ በተካሄደ ጊዜ የቤት ብድር ነገር በየቤቱ መነጋገሪያ ሆነ። በእነዚህ አጠራሮች የመጀመሪያው ቁጥር ተመዝጋቢው ቆጥቦ የሚያቀርበው ከመቶ እጅ ሲሆን፣ ሁለተኛው በባንክ ብድር የሚሸፈነው ነው። ሰው ሁሉ የተጨነቀውና የመከረው 20ውን ከየት እንደሚያመጣ ነበር። የኋላውን ኑሮ የሚወስነው ግን 80ው ነው፤ ወለድ የሚወልደው እርሱ ነውና።

አንድ ምሳሌ

ለማስረዳት እንዲመች አንድ ሰው 500,000 ብር በዓመት ከመቶ 12 ወለድ፣ በ20 ዓመት ውስጥ በየወሩ እኩል እየከፈለ ሊጨርስ ተበደረ እንበል። ቁጥሮቹ ለምሳሌ የተመረጡ እንጂ የአንድ የተወሰነ ባንክ ተመን አይደሉም። የዓመቱ 12 በመቶ ለ12 ወር ሲካፈል በወር 1 በመቶ ይሆናል።

የወሩ ክፍያ 5,505 ብር ከ43 ሳንቲም ነው። አሁን የመጀመሪያውን ወር እንመልከት። የ500,000 ብር አንድ በመቶ 5,000 ብር ነው፤ ይህ የወሩ ወለድ ነው። ስለዚህ ከተከፈለው 5,505 ብር ውስጥ ዕዳውን የሚቀንሰው 505 ብር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ቀሪው ዕዳ 499,495 ብር ስለሆነ ወለዱ 4,995 ብር ይሆናል፤ ለዕዳው የሚውለውም 510 ብር ይደርሳል። እንዲህ እያለ ወለዱ በጥቂቱ እየቀነሰ፣ ለዋናው ዕዳ የሚውለው ድርሻ በጥቂቱ እየጨመረ ይሄዳል።

በዓመቱ መጨረሻ ተበዳሪው 66,065 ብር ከፍሏል። ዕዳው የቀነሰው ግን በ6,410 ብር ብቻ ነው፤ የቀረው 59,655 ብር ወለድ ሆኗል። አሥር ዓመት ሙሉ ከከፈለ በኋላ ከኪሱ የወጣው ገንዘብ 660,652 ብር ይደርሳል፤ ይኸውም ከተበደረው ይበልጣል። ያም ሆኖ ገና ወደ 383,700 ብር ገደማ ዕዳ አለበት። ከ500,000 ብሩ ግማሹ ተከፍሎ የሚያልቀው በ15ኛው ዓመት ላይ ነው። በ20ው ዓመት መጨረሻ ጠቅላላው ክፍያ 1,321,303 ብር ሲሆን፣ ከዚህ ውስጥ 821,303 ብሩ ወለድ ነው።

አንባቢው ልብ ሊለው የሚገባ ነገር አለ። በዚህ ውስጥ የተሠራ ስሕተት ወይም የተደበቀ ማታለል የለም። ባንኩ በየወሩ የሚያስበው በእጃችን ባለው ቀሪ ገንዘብ ላይ ብቻ ነው። ወለዱ የበዛው ገንዘቡ ለረዥም ጊዜ በእጃችን ስለቆየ ነው። እንግዲህ የምንገዛው ሁለት ነገር ነው ማለት ነው፤ አንዱ ቤቱ ነው፣ ሌላው ጊዜው ነው።

የጊዜ ዋጋ

ያንኑ 500,000 ብር በዚያው በ12 በመቶ ወለድ፣ የመክፈያውን ዘመን ብቻ እየለዋወጥን ብናሰላው የሚከተለውን እናገኛለን (ሳንቲሞች ተጠጋግተዋል)፡-

በ10 ዓመት፡- በወር 7,174 ብር፤ ጠቅላላ ክፍያ 860,826 ብር፤ ወለዱ 360,826 ብር።
በ15 ዓመት፡- በወር 6,001 ብር፤ ጠቅላላ ክፍያ 1,080,151 ብር፤ ወለዱ 580,151 ብር።
በ20 ዓመት፡- በወር 5,505 ብር፤ ጠቅላላ ክፍያ 1,321,303 ብር፤ ወለዱ 821,303 ብር።
በ30 ዓመት፡- በወር 5,143 ብር፤ ጠቅላላ ክፍያ 1,851,503 ብር፤ ወለዱ 1,351,503 ብር።

ከ20 ዓመት ወደ 30 ዓመት ቢራዘም ወርሃዊው ክፍያ የሚቀንሰው በ362 ብር ብቻ ነው። ጠቅላላው ክፍያ ግን በ530,000 ብር ይጨምራል፤ ይህም መጀመሪያ ከተበደርነው ገንዘብ በላይ ነው። ምክንያቱም ግልጽ ነው፤ የ500,000 ብር የወር ወለድ 5,000 ብር ስለሆነ፣ ዘመኑ የቱንም ያህል ቢረዝም ወርሃዊው ክፍያ ከ5,000 ብር በታች ሊወርድ አይችልም። ከተወሰነ ገደብ በኋላ ዘመን መጨመር ለኪስ የሚያተርፈው እጅግ ጥቂት ነው፤ ለወለድ የሚያስከፍለው ግን ብዙ ነው።

ለመምህር ደግሞ ሌላ ነጥብ ይጨመራል። የጡረታ ዕድሜ 60 ነው። በ38 ዓመቱ የ20 ዓመት ብድር የወሰደ ሰው በ58 ዓመቱ ይጨርሳል። የ30 ዓመት ብድር የወሰደ ግን የመጨረሻዎቹን ስምንት ዓመታት ከደመወዝ ባነሰው የጡረታ አበሉ ሊከፍል ነው ማለት ነው።

የወለድ መጠንና ትርፍ ክፍያ

የወለዱ መጠን ከመቶ 12 መሆኑ ቀርቶ 9 ቢሆን፣ በ20 ዓመት ጠቅላላው ክፍያ 1,079,671 ብር ይሆናል። ይህን ከላይ በ12 በመቶ ለ15 ዓመት ካገኘነው 1,080,151 ብር ጋር ስናስተያየው እኩል ለማለት ምንም አይቀረውም። በሌላ አነጋገር፣ በዚህ ምሳሌ አምስት ዓመት ማሳጠር የወለዱን መጠን በሦስት ከመቶ እጅ እንደማስቀነስ ይቆጠራል። የወለዱን መጠን የሚወስነው ባንኩ ነው፤ ዘመኑን ማሳጠር ግን ብዙውን ጊዜ በተበዳሪው እጅ ነው።

እንዲሁም የ20 ዓመት ብድር የወሰደው ሰው ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ በየወሩ 500 ብር አስበልጦ ቢከፍልና ባንኩም ይህን ከዋናው ዕዳ ላይ ቢቀንስለት፣ ዕዳው በ15 ዓመት ገደማ ያልቃል። በእነዚህ ዓመታት በትርፍ የከፈለው 90,000 ብር ያህል ሲሆን፣ ከጠቅላላው ክፍያ የሚድንለት ከ240,000 ብር ይበልጣል። ትርፍ ክፍያው በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሲሆን ጥቅሙ የላቀ ነው፤ ዛሬ የተቀነሰ አንድ ብር በቀሩት ዓመታት ሁሉ ወለድ አይወልድምና።

በአንጻሩ ውሉ ባንኩ የወለዱን መጠን በየጊዜው ሊለውጥ ይችላል የሚል ከሆነ መጠንቀቅ ያሻል። ወለዱ ወደ 15 በመቶ ቢወጣ የ500,000 ብር የወር ወለድ 6,250 ብር ይሆናል። ክፍያው በ5,505 ብር ቢቀጥል ወለዱን እንኳ ስለማይሸፍን፣ ተበዳሪው እየከፈለ ዕዳው ያድጋል።

የዋጋ ንረትና የቤት ኪራይ

አንዳንድ አንባቢ «የዛሬ 20 ዓመት የሚከፈል ብርና የዛሬው ብር አንድ አይደሉም» ሊል ይችላል። እውነት ነው። በአገራችን እ.ኤ.አ. በ2022 የዋጋ ንረት ከመቶ 30 በላይ ደርሶ ነበር። በእንዲህ ያለ ጊዜ ክፍያው ካልተለወጠና ደመወዝ ካደገ፣ ያው 5,505 ብር ከዓመት ወደ ዓመት እየቀለለ ይሄዳል። ነገር ግን ይህ የሚሆነው ደመወዝ ከገበያው ጋር አብሮ ሲያድግ ነው። የእህልና የልብስ ዋጋ ጨምሮ ደመወዝ ባለበት ከቆመ ክፍያው አይቀልም፤ እንዲያውም ከእጅ የሚቀረው ስለሚያንስ የበለጠ ይከብዳል።

ያልተበደረ ሰውም የቤት ኪራይ መክፈሉ አይቀርም። ስለዚህ የብድሩን ወለድ ብቻውን አይተን መፍራት የለብንም፤ ልንከፍለው ከነበረው ኪራይ ጋር ማመዛዘን ይገባል። የዚህ ጽሑፍ መልእክት አትበደሩ የሚል አይደለም። ዋጋውን አውቃችሁ ተበደሩ የሚል ነው።

ከመፈረም በፊት የሚጠየቁ

ወደ ባንክ የሚሄድ ሰው የሚከተሉትን ጥያቄዎች በጽሑፍ ይዞ ቢሄድ ይጠቀማል።

1. እስከ መጨረሻው ቀን በጠቅላላው የምከፍለው ስንት ነው? የየወሩ ወለድና የዋናው ዕዳ ቅናሽ ተለይቶ የሚታይበት ሠንጠረዥ ይሰጠኛል?
2. ወለዱ የሚታሰበው በቀሪው ዕዳ ላይ ነው ወይስ በመጀመሪያው ብድር ላይ? በመጀመሪያው ብድር ላይ ከሆነ በምሳሌያችን የ20 ዓመቱ ወለድ ከ821,303 ብር ወደ 1,200,000 ብር ይወጣል።
3. የወለዱ መጠን ሊለወጥ ይችላል? ቢለወጥ የሚጨምረው ወርሃዊው ክፍያ ነው ወይስ ዘመኑ?
4. አስበልጬ ወይም ቀድሜ ብከፍል ቅጣት አለው? ትርፉ ክፍያ ከዋናው ዕዳ ላይ ወዲያውኑ ይቀነሳል?
5. ለቤት ግምት፣ ለመድን፣ ለምዝገባና ለአገልግሎት የሚከፈለው ስንት ነው? አንድ ወር ባዘገይስ መቀጫው?

ለክፍል ሥራ

መምህራን ይህን ምሳሌ በክፍል ውስጥ ሊሠሩበት ይችላሉ። ተማሪዎች አራት ዓምድ ያለው ሠንጠረዥ ሠርተው ወሩን፣ ወለዱን፣ ለዋናው ዕዳ የዋለውንና ቀሪውን ዕዳ ለ12 ወር በእጃቸው ያስሉ። በ12ኛው ወር ቀሪው ዕዳ ወደ 493,590 ብር ከደረሰላቸው ሥራቸው ትክክል ነው። ከፍ ያሉት ክፍሎች ወርሃዊውን ክፍያ ራሱን ሊያገኙት ይችላሉ። 1.01ን 240 ጊዜ እርስ በርሱ ሲያባዙት 10.8926 ይሆናል፤ 1ን ለዚህ ሲያካፍሉት 0.0918፣ ይህንንም ከ1 ሲቀንሱት 0.9082 ያገኛሉ። የመጀመሪያው ወር ወለድ የሆነው 5,000 ብር ለዚህ ቁጥር ሲካፈል 5,505 ብር ይሰጣል። ከዚያም የዓመቱን ብዛትና የወለዱን መጠን እየለወጡ ውጤቱን ያወዳድሩ።

ተማሪው የሠራውን ሠንጠረዥ ወደ ቤት ወስዶ ለወላጆቹ ቢያሳይ ደግሞ መልካም ነው። ምናልባት በዚያው ሰሞን አባት ወይም እናት ከባንክ ያመጡት፣ ገና ያልተፈረመ ውል ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ ይሆናል።