ወረቀቱ የማን ነው?

አንድ የአሜሪካ ኩባንያ «የምጠቀመው ኤሌክትሪክ በሙሉ የነፋስ ነው» ብሎ ሲያስተዋውቅ፣ ከነፋስ ተርባይኑ እስከ ቢሮው የተዘረጋ የብቻው ሽቦ አለው ማለት አይደለም። ከድንጋይ ከሰልም፣ ከጋዝም፣ ከነፋስም የመነጨው ኃይል አንድ መስመር ውስጥ ገብቶ ይቀላቀላል፤ ከዚያ በኋላ ማን ይለየዋል? ታዲያ ኩባንያው የገዛው ምንድን ነው?

ወረቀት። በአሜሪካ ከታዳሽ ምንጭ ለሚመነጭ ለእያንዳንዱ 1 ሜጋ ዋት ሰዓት፣ ማለትም ለ1,000 ኪሎ ዋት ሰዓት፣ አንድ የምስክር ወረቀት ይወጣል። መለያ ቁጥር አለው፤ ከኤሌክትሪኩ ተነጥሎ ይሸጣል፤ ገዢው «ተጠቅሜበታለሁ» ካለ ግን ዳግመኛ ለገበያ አይቀርብም።

የአሜሪካ የአካባቢ ጥበቃ ኤጀንሲ ድርጅቶችን ወደዚህ ገበያ ለመሳብ እ.ኤ.አ. በ2001 «የአረንጓዴ ኃይል አጋርነት» የተሰኘ ፕሮግራም ጀመረ። የሚገባበት ወዶ ነው። አባሉ ከፍጆታው የተወሰነውን ድርሻ ከአረንጓዴ ምንጭ ለመሸፈን ቃል ይገባል፣ በየዓመቱም ሪፖርት ያቀርባል። መንግሥት በምላሹ የሚሰጠው ምክርና ስም ነው፤ የ100 ትላልቅ ተጠቃሚዎችን ደረጃ ያወጣል፣ ዩኒቨርሲቲዎችንም አፎካክሯል። ስም ቀላል ነገር አይደለም፤ ኢንቴል እ.ኤ.አ. በ2008 በዓመት ከ1.3 ቢሊዮን ኪሎ ዋት ሰዓት በላይ ለመግዛት ወስኖ የደረጃው አናት ላይ ወጥቷል።

ለእኔ የፕሮግራሙ ትልቁ ቁም ነገር አፍን መግራቱ ነው። ጣሪያው ላይ የፀሐይ ፓኔል የተከለ ሱቅ የምስክር ወረቀቱን ለሌላ ከሸጠ «በፀሐይ ኃይል እሠራለሁ» ማለት አይችልም። ፓኔሉ የእሱ ነው፤ የመናገር መብቱ ግን ወደ ገዢው ሄዷል።

ታዳሽ የሆነ ሁሉም «አረንጓዴ» አይባልም። ፀሐይ፣ ነፋስ፣ የከርሰ ምድር እንፋሎትና ባዮጋዝ ይቆጠራሉ፤ ከውሃ ኃይል ግን አካባቢን ብዙም የማይጎዱት ትናንሾቹ ብቻ ናቸው። ይህ የአሜሪካ መስፈርት ኢትዮጵያ ውስጥ ቢሠራ የአሸጎዳና የአዳማ የነፋስ ማመንጫዎች ከተፈቀዱት ምንጮች ውስጥ ይገቡ ነበር፤ ታላቁ የሕዳሴ ግድብ ግን ውጭ ይቀር ነበር። አብዛኛውን ኤሌክትሪኳን ከግድብ ለምታገኝ አገር ሰው ነገሩ ሳይገርም አይቀርም።

ተቺዎች የሚሉት ሌላ ነው፦ ቀድሞ ከተተከለ ተርባይን በርካሽ የተገዛ ወረቀት አዲስ ተርባይን አያስተክልም። ክርክሩ ውኃ ያነሳል። ለዚህም ይመስላል ትላልቆቹ ገዢዎች ወደ ረጅም ውል ያዘነበሉት። ጉግል እ.ኤ.አ. በ2010 አዮዋ ውስጥ ካለ 114 ሜጋ ዋት የነፋስ ማመንጫ ለ20 ዓመት ኃይል ለመግዛት ተዋውሏል። የ20 ዓመት ገቢው የተረጋገጠለት አልሚ ደግሞ ለቀጣዩ ማመንጫ ብድር ሲጠይቅ ባንኩ በሌላ ዓይን ያየዋል።