ኮምፒውተሮችን የሚቆጥሩ ሶፍትዌሮችና የጋራ ፋይሎቻቸው

ለመንግሥት መሥሪያ ቤት የተገዛ ኮምፒውተር በሞዴል 19 ገቢ ሆኖ በሞዴል 22 ለተጠቃሚው ወጪ ሲደረግ በሳጥኑ ላይ የንብረት መለያ ቁጥር ይለጠፍበታል። በሳጥኑ ውስጥ ያለው ሜሞሪ፣ ሃርድ ዲስክና ሶፍትዌር ግን በዓመታዊ ቆጠራ ወቅት በዓይን አይታይም። ይህንን ክፍተት የሚሞሉት የኮምፒውተር ሀብት መከታተያ ሶፍትዌሮች ሲሆኑ፣ የሚያቀርቡት መረጃ ትክክለኛነት የጋራ ላይብረሪ በሚባሉ ፋይሎች ላይ የተመሠረተ ነው።

የመረጃው ፋይዳ ይበልጥ ጎልቶ የሚታየው የአደረጃጀት ለውጥ በሚደረግበት ጊዜ ነው። በ2013 ዓ.ም የለሚ ኩራ ክፍለ ከተማ ከየካና ከቦሌ ክፍለ ከተሞች በተወሰዱ አካባቢዎች ሲደራጅ፣ የአዲስ አበባ ክፍለ ከተሞች ቁጥር ከ10 ወደ 11 ማደጉ ይታወሳል። እንዲህ ያለው ለውጥ የሰነድና የንብረት ርክክብን ያስከትላል። በርክክብ ሰነድ ላይ "ኮምፒውተር፣ ብዛት 1" ተብሎ ብቻ ከተፈረመ፣ ሜሞሪው የተነሳበት ማሽን ከሙሉው ጋር እኩል ይቆጠራል።

የጋራ ላይብረሪ ፋይል አሠራር ከመሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ጋር ይመሳሰላል። እያንዳንዱ የሥራ ክፍል የራሱን መዝገብ ቤት እንደማያቋቁም ሁሉ፣ እያንዳንዱ ሶፍትዌርም ተደጋጋሚ ተግባራትን በራሱ ውስጥ አይይዝም። ተግባራቱ ለብቻቸው በተዘጋጁ ፋይሎች ውስጥ ተቀምጠው ብዙ ሶፍትዌሮች በጋራ ይገለገሉባቸዋል። እነዚህ ፋይሎች በዊንዶውስ ዲኤልኤል፣ በሊነክስ ደግሞ ኤስኦ በመባል ይታወቃሉ።

የመከታተያ ሶፍትዌር የሜሞሪን መጠን ለማወቅ "ከርነል32" የተባለውን የዊንዶውስ ፋይል መጠየቅ ይችላል። በማሽኑ ላይ የተጫኑ ሶፍትዌሮችን ዝርዝር ከዊንዶውስ መዝገብ ለማንበብ "አድቫፒ32"፣ የፕሮሰሰርና የዲስክን የሥራ ጫና ለመለካት ደግሞ "ፒዲኤች" ያገለግላሉ። ሶፍትዌሩ ሲነሳ የሚያስፈልገው ፋይል ከጠፋ ሥራውን መጀመር አይችልም። ለ32 ቢት የተዘጋጀ ሶፍትዌር የ64 ቢት ፋይል ቢቀርብለትም ውጤቱ ተመሳሳይ ነው። በዚህ ጊዜ ኮምፒውተሩ በቦታው እያለ ለማዕከሉ ሪፖርት መላክ ያቆማል፤ በመዝገቡ ላይ የሚቀረውም የቆየ መረጃ ይሆናል። ስለዚህ ሪፖርት ያቆመ ማሽን ጠፍቷል ተብሎ ከመመዝገቡ በፊት የሶፍትዌሩን ሁኔታ መፈተሽ ተገቢ ነው።

በብዙ ቢሮዎች የሚታየው መፍትሔ የጠፋውን ፋይል ከማይታወቅ ድረ ገጽ ማውረድ ወይም በፍላሽ ከሌላ ማሽን መገልበጥ ነው። ይህ አደገኛ ልማድ ነው። የመከታተያ ሶፍትዌር በአብዛኛው በከፍተኛ የአስተዳዳሪ ፈቃድ ስለሚሠራ፣ የሚጠቀምበት ፋይል በተንኮል የተዘጋጀ ከሆነ ያ ፈቃድ ለአጥቂው ይተላለፋል።

አደጋው ምን ያህል ሊሰፋ እንደሚችል እ.ኤ.አ በታኅሣሥ 2020 ይፋ የሆነው የሶላርዊንድስ ጥቃት አሳይቷል። አጥቂዎቹ ኦሪዮን በተባለው የኔትወርክ መከታተያ ሶፍትዌር አንድ የዲኤልኤል ፋይል ውስጥ ድብቅ መግቢያ አስገብተዋል። ፋይሉ የኩባንያውን ዲጂታል ፊርማ ይዞ ከመደበኛ ማሻሻያ ጋር በመሠራጨቱ እስከ 18 ሺህ የሚደርሱ ደንበኞች ዘንድ ሊደርስ ችሏል። ከተጠቂዎቹ መካከል የአሜሪካ የግምጃ ቤትና የንግድ ሚኒስቴሮች ይገኙበታል። ንብረትን ለመጠበቅ የተገዛው መሣሪያ ራሱ የጥቃት በር ሆኖ መገኘቱ የጉዳዩን ክብደት ያመለክታል።

በኢትዮጵያ የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ያለፈቃድ ወደ ኮምፒውተር ሥርዓት መግባትንና በዳታ ላይ ጉዳት ማድረስን በወንጀል ያስጠይቃል። ሕጉ የሚያስጠይቀው ግን ጥፋት ሲፈጸም በመሆኑ የመሥሪያ ቤቶችን የዕለት ተዕለት ጥንቃቄ አይተካም።

ጥንቃቄው ደግሞ ብዙ ወጪ አይጠይቅም። የጠፋ ፋይል ሲያጋጥም ሶፍትዌሩን ከዋናው አምራች ቅጂ እንደገና መጫን፣ የተበላሸው የዊንዶውስ የራሱ ፋይል ከሆነም ከዊንዶውስ ጋር በሚመጣው የሲስተም ፋይል መፈተሻ መጠገን ይቻላል። ሶፍትዌር የመጫን ፈቃድን ለሚመለከተው ባለሙያ ብቻ መስጠት፣ ማሻሻያዎችንም ለሁሉም ማሽኖች ከማሠራጨት በፊት በጥቂቶቹ ላይ መሞከርም ይገባል። የኦሪዮን ጉዳይ እንዳሳየው ዲጂታል ፊርማ ብቻውን ዋስትና ስለማይሆን፣ የመከታተያ ሶፍትዌሩ ከውጭ ጋር የሚያደርገውን ግንኙነት መቆጣጠር ያስፈልጋል።

በትክክል የሚሠራ የመከታተያ ሶፍትዌር ለበጀት ዝግጅትም ይጠቅማል። የዊንዶውስ 10 መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም አብቅቷል። የትኞቹ ማሽኖች አሁንም በዚህ ሥርዓት እንደሚሠሩ፣ የትኞቹ በማሻሻያ እንደሚቀጥሉና የትኞቹ መተካት እንዳለባቸው በሳጥን ላይ ከተለጠፈ ቁጥር ማወቅ አይቻልም። ይህንን የሚያውቅ ጽሕፈት ቤት የግዢ ጥያቄውን በተጨባጭ መረጃ አስደግፎ ማቅረብ ይችላል።